የአክስቴ ሰዓት፦ የማስታወስ ምርመራ በቪዲዮ ለድሬዳዋ ይሆናል?

አክስቴ ወረቀቱ ላይ ክብ ሣለች። ትንሽ ተጣመመ፣ ግን ገጠመ። ከ1 እስከ 12 ያሉትን ቁጥሮች በየቦታቸው ደረደረች። «አሁን ደግሞ አስራ አንድ ሰዓት ከአስር እንዲል ያድርጉት» አለቻት ባለሙያዋ። አክስቴ እስክሪብቶውን ይዛ አሰበች። ከዚያ አጭሩን ቆጣሪ 5 ላይ፣ ረጅሙን 2 ላይ አሰመረች።

ባለሙያዋ ያለችው አዲስ አበባ ነው። እኛ ድሬዳዋ፣ መጋላ፣ አክስቴ ሳሎን ውስጥ ነን። ስልኬን የስኳር ጣሳ አስደግፌ አቁሜዋለሁ። ሥዕሉን ወደ ካሜራው አስጠጋሁት።

በፈተናው መመሪያ መሠረት አጭሩ ቆጣሪ 11 አካባቢ መሆን ነበረበት። 5 ላይ ከሆነ ስህተት ነው። ስህተቱ ደግሞ እንዲሁ አንድ ነጥብ አስቀንሶ የሚቀር አይደለም። ሰዓት መሣል ማቀድን፣ ቦታ መለየትንና ሐሳብን ማቀናጀትን አንድ ላይ ስለሚፈትን፣ እዚህ ላይ የተሳሳተ ሰው በጥርጣሬ ይታያል።

ባለሙያዋ ነጥብ ከመስጠቷ በፊት ጠየቀች። «ይህ ስንት ሰዓት ነው የሚለው?»

«አስራ አንድ ከአስር ነዋ! ግድግዳው ላይ ያለውን አታዪም እንዴ?»

ስልኩን ወደ ግድግዳው አዞርኩት። የአክስቴ የግድግዳ ሰዓት እንደ ብዙ ቤት ሰዓት በፈረንጅ አቆጣጠር የተሞላ ነው። አጭሩ ቆጣሪ 5 ላይ ሲሆን እኛ «አስራ አንድ ሰዓት» እንላለን። አክስቴ ዕድሜዋን ሙሉ ስድስት እየቀነሰችና እየደመረች ነው ሰዓት ያነበበችው። የሣለችውም ያንን ነው። ደግሞ ልብ በሉ፤ ይህ ሰዓት የተመረጠበት ምክንያት አለ። «አስር» የሚለው ቃል ጆሮ ላይ ስለሚቀር፣ አእምሮው የደከመ ሰው ረጅሙን ቆጣሪ 10 ቁጥር ላይ ያደርገዋል። አክስቴ ወጥመዱ ውስጥ አልገባችም። 2 ላይ ነው ያደረገችው። በትክክል ሲነበብ ሥዕሉ የደህና ሰው ሥዕል ነው። በመመሪያው ሲታረም ደግሞ የታመመ ሰው ነው።

ይህ ሁሉ የሆነው በቪዲዮ ኮል ላይ ነው። ከዚያ ቀን ጀምሮ ነገሩን ስከታተል ቆይቻለሁ።

የባለሙያዋ ሙያ ኒውሮሳይኮሎጂ ይባላል፣ በአገራችን ብዙም አይታወቅም። ሥራው አጭር ነው ለማስረዳት። አንጎል ሥራውን እንዴት እየሠራ እንደሆነ በጥያቄና በተግባር ይለካል። ማስታወስን፣ ትኩረትን፣ ቋንቋን፣ ቦታ መለየትን፣ ማቀድን ይፈትናል። ሲቲ ስካንና የተለመደው ኤምአርአይ የአንጎልን መልክ ያሳያሉ። ሥራውን ግን አያሳዩም።

የማውቀው አንድ ባጃጅ ሹፌር አለ። ተጋጭቶ ጭንቅላቱን ተመታ። ሲቲ ተነሣ፣ «ንጹህ ነው» ተባለ። ተነሥቶ ሄደ፣ በላ፣ ተጫወተ። ቤት ሲገባ ግን ያ ሰው አይደለም። ተሳፋሪ የነገረውን ሰፈር ሁለት መታጠፊያ ሳያልፍ ይረሳዋል። በትንሹ ይቆጣል። ሚስቱ «ሰው ቀየሩብኝ» ነው የምትለው። ለእንዲህ ዓይነቱ ሰው ችግሩን በስም ጠርቶ፣ የትኛው ችሎታው እንደተጎዳና የትኛው እንደተረፈ የሚነግረው ይህ ምርመራ ነው። መቼ ወደ መሪው መመለስ እንዳለበትም ለመወሰን ይረዳል። ስትሮክ የመታው፣ የሚጥል በሽታ ያለበት፣ ከባድ የጭንቅላት ወባ ይዞት የዳነ ልጅ፣ ከኤችአይቪ ጋር የሚኖር ሰው፣ መርሳት የጀመረ አዛውንት፣ ሁሉም በዚህ በር የሚያልፉ ናቸው።

በሩ ግን ሩቅ ነው። ድሬዳዋ ድል ጮራ ሆስፒታል አላት። ደንገጎን ወጥተን 55 ኪሎ ሜትር ያህል ብንሄድ ሐረር ሕይወት ፋና ሆስፒታል አለ። ሐኪሞች አሉ፣ የአእምሮ ሕክምና ባለሙያዎችም አሉ። አንድን ሰው ሁለት ሦስት ሰዓት አስቀምጦ አንጎሉን ክፍል በክፍል የሚፈትን ባለሙያ ለማግኘት ግን ብዙውን ጊዜ መንገዱ ወደ አዲስ አበባ ነው። 500 ኪሎ ሜትር አካባቢ። የሚረሳ አዛውንት ይዞ አውቶቡስ መሳፈር ምን ማለት እንደሆነ ያየ ያውቀዋል። መንገዱ ላይ ግራ ይጋባሉ። ሌሊቱን አይተኙም። በማግስቱ ፈተናው ላይ ሲቀመጡ የሚለካው ሕመማቸው ይሁን ድካማቸው አይለይም።

ስለዚህ በርቀት መመርመር የሚለው ሐሳብ ለኛ ቅንጦት አይደለም።

ሐሳቡም አዲስ አይደለም። የማስታወስ ችሎታን በስልክ ብቻ የሚለካ መጠይቅ አሜሪካ ውስጥ እ.ኤ.አ. በ1988 ታትሟል። ቪዲዮው በኋላ መጣ። እ.ኤ.አ. በ2014 የታተመ አንድ ጥናት 202 ሰዎችን ወሰደ። የማስታወስ ችግር ያለባቸውም ጤነኞችም ነበሩበት። እያንዳንዱን ሰው አንድ ጊዜ ፊት ለፊት፣ አንድ ጊዜ በቪዲዮ ፈተኑት። ውጤቶቹ ተቀራረቡ። እ.ኤ.አ. በ2017 ደግሞ 12 ጥናቶችን፣ በድምሩ 497 ሰዎችን አንድ ላይ ያየ ትንተና ወጣ። በንግግር የሚሠሩት ፈተናዎች በቪዲዮ ሲሆኑ ብዙም እንደማይዛቡ አሳየ። ቁጥር ሰምቶ መድገም፣ የቃላት ዝርዝር ሰምቶ ማስታወስ፣ በአንድ ደቂቃ የእንስሳት ስም መጥራት ከነዚህ ናቸው። ኮቪድ እ.ኤ.አ. በ2020 ሲመጣ ክሊኒኮች ተዘጉ፣ የሙያ ማኅበራትም ለዚህ አሠራር መመሪያ አወጡ። ከዚያ ወዲህ ነገሩ የሙከራ ጉዳይ መሆኑ ቀርቷል።

በእጅ የሚሠራው ላይ ችግር አለ። ኩብ መገጣጠም፣ በሰዓት እየተለካ ቁጥሮችን በመስመር ማገናኘት፣ ምልክት መገልበጥ፣ እነዚህ ዕቃውንና ሰዓት የሚይዝ ሰውን ይፈልጋሉ። ፍጥነት የሚለካ ነገር ሁሉ ከኔትወርክ መዘግየት ጋር ይጋጫል። ሰውየው ዘገየ ወይስ መስመሩ? አይታወቅም።

ኔትወርክን ካነሣን አይቀር፣ ድሬ በዚህ ዕድለኛ ናት። የኢትዮ ቴሌኮም 4ጂ አለ። ሳፋሪኮምም ኢትዮጵያ ውስጥ ሥራ ሲጀምር መጀመሪያ የከፈተው እዚሁ ነው፣ ነሐሴ 2014 ዓ.ም.። ቢሆንም በአክስቴ ምርመራ ላይ መስመሩ ሦስት ጊዜ ቆረጠ። አንደኛው ቁጥር እየተነበበላት እያለ ነው። «7... 4...» ተብሎ ድምፁ ጠፋ፣ ከዚያ «...9» ብሎ ተመለሰ። የቁጥር ፈተና ላይ ቁጥሩ በሰከንድ አንድ እየተባለ ይነበባል፣ አይደገምም። አንዱ ከጠፋ ሙሉው ይበላሻል። ባለሙያዋ ያንን ትታ ሌላ ተራ ቁጥር ወሰደች፣ ወረቀቷ ላይም መቋረጡን ጻፈች። ይህንን የማያደርግ ሰው ቢሆን አክስቴ የቴሌን ጥፋት በራሷ አእምሮ ትከፍል ነበር።

ግን እውነቱን ልናገር። ኔትወርኩ ትልቁ ችግር አይደለም። ቶሎም ዘገየም ይሻሻላል። ከባዱ ነገር ያ ሰዓት ላይ ያየነው ነው። ስልኩ ርቀቱን ያጠብባል፣ ፈተናውን ግን የኛ አያደርገውም። እንዲያውም ያባብሰዋል ብዬ እፈራለሁ። ፊት ለፊት የተቀመጠ ባለሙያ የግድግዳውን ሰዓት ያየዋል። በስልክ ያለው ካሜራው የሚያሳየውን ብቻ ነው የሚያየው።

ቀኑን እንውሰድ። በዓለም ላይ ብዙ ከሚሠራባቸው አጫጭር ፈተናዎች አንዱ፣ በ1975 እ.ኤ.አ. የወጣው ባለ 30 ነጥቡ፣ አምስት ነጥብ የሚሰጠው ዓመቱን፣ ወቅቱን፣ ወሩን፣ ቀኑን፣ ዕለቱን ለሚያውቅ ነው። አክስቴ «ዛሬ ቀኑ ስንት ነው?» ስትባል ሳታቅማማ «ሻዕባን አስራ አራት» አለች። ባለሙያዋ ዝም አለች። ከስልኳ ላይ ስታይ ቆየች። ልክ ነበር። በኛ ጥር 25፣ በፈረንጁ ፌብሩዋሪ 2፣ በአክስቴ ደግሞ ሻዕባን 14። ረመዳን ሊገባ ሁለት ሳምንት ያህል ቀርቷታል፣ ቀን እየቆጠረች ነው። ቀን የጠፋበት ሰው እንዲህ አይቆጥርም። ድሬ ውስጥ አንድ ግቢ ውስጥ በሦስት ካላንደር የሚኖሩ ሰዎች አሉ። ወቅት ሲባልም ክረምት፣ በጋ፣ በልግ እንጂ «ስፕሪንግ» የሚባለው የፈረንጅ አከፋፈል የለንም። «ስንተኛ ፎቅ ላይ ነን?» የሚል ጥያቄም አለው። መጋላ ውስጥ፣ ምድር ላይ ለተቀመጠች ሴት!

ፊደሉስ? ያው ፈተና አምስት ፊደል ያላት የእንግሊዝኛ ቃል ፊደል በፊደል ከኋላ ወደ ፊት እንድትጠራ ያዛል። ትርጉሟ «ዓለም» ማለት ነው። በኛ «ዓለም» ሦስት ፊደል ናት። አምስት ነጥብን ለሦስት ፊደል እንዴት ታካፍለዋለህ? ሌላኛው ታዋቂ ፈተና፣ በ2005 እ.ኤ.አ. የወጣው፣ በአንድ ደቂቃ ውስጥ በአንድ ፊደል የሚጀምሩ ቃላትን ጥሩ ይላል። በአማርኛ «በፈ የሚጀምር» ስትል ፉና ፍ ይቆጠራሉ? ሰባቱ የፊደል ቤቶች አንድ ናቸው ወይስ ሰባት? ፊደል ቆጥራ የማታውቅ ሴትስ ድምፅ ከቃል ላይ ነጥላ እንድታስብ እንዴት ይጠበቅባታል? ይህ የማሰብ ጉድለት አይደለም። ትምህርት ቤት የሚያስተምረው የተለየ ልምምድ ነው።

የዚህ ሁለተኛ ፈተና ሙሉ ነጥቡ 30 ነው። 26 እና ከዚያ በላይ ደህና ነው ይባላል። ትምህርቱ 12 ዓመትና ከዚያ በታች ለሆነ ሰው አንድ ነጥብ ይጨመርለታል። አንድ ነጥብ! ቀለም ያልቆጠረች፣ እርሳስ ይዛ የማታውቅ ሴት ላይ አንድ ነጥብ ምን ያደርጋል? በእርግጥ ትምህርት ላላገኙ ሰዎች ተብሎ የተዘጋጀ ሌላ ዓይነትም አለው። ለማያዩ ሰዎች የተሠራና በስልክ የሚሰጥም አለ። መንገድ አለ ማለት ነው። ግን ማንኛውም ነጥብ ትርጉም የሚኖረው ከሚመስሉህ ሰዎች ነጥብ ጋር ሲነጻጸር ብቻ ነው። ደህና የሆኑ የ70 ዓመት የድሬ እናቶች፣ የተማሩም ያልተማሩም፣ ስንት እንደሚያመጡ ካልተለካ የአክስቴ 19 ወይም 24 ቁጥር ብቻ ነው።

ይህን ችግር ያየነው እኛ ብቻ አይደለንም። 10/66 የሚባል የተመራማሪዎች ቡድን በ1998 እ.ኤ.አ. ሲመሠረት ስሙን ያወጣው ከዚሁ ነው። ከዓለም የመርሳት ሕሙማን 66 በመቶው የሚኖሩት በታዳጊ አገሮች ነው፣ ጥናቱ ግን 10 በመቶ እንኳ አይደርሳቸውም ለማለት ነው። ኢባዳን፣ ናይጄሪያ ውስጥ የተሠራበት መጠይቅ ደግሞ ሕመምተኛውን ብቻ አይጠይቅም። አብሮት የሚኖረውንም ሰው ይጠይቃል። «ከጥቂት ዓመታት በፊት ከነበረው ምን ተለወጠ? ዕቃ የሚያስቀምጥበትን ይረሳል? የቤተሰብ ስም ይጠፋበታል?» ይህ ለኛ ኑሮ የተሠራ ይመስላል። ሽማግሌ ብቻውን የሚኖርበት ቤት ስንት ነው? ጎረቤት ያውቃል፣ ልጅ ያውቃል፣ ሱቁ ያውቃል። በስልክ ለመጠየቅም ከሁሉ ይቀላል። ለኤችአይቪ ሕሙማን በ2005 እ.ኤ.አ. የወጣው ኡጋንዳ ውስጥ ጭምር የተፈተሸ አጭር ምርመራም አለ። ጣትን በፍጥነት ማንኳኳት፣ እጅን በቅደም ተከተል መለዋወጥ፣ አራት ቃል ማስታወስ፣ በቃ። ማንበብ አይጠይቅም።

ወደ ቋንቋ ልምጣ፣ ምክንያቱም ድሬዳዋ ማለት ቋንቋ ናት። እንስሳ ጥሪ ስትባል አክስቴ በአማርኛ ጀመረች። ፍየል፣ በግ፣ አህያ። ከዚያ በኦሮምኛ ገባች። ወደ ሶማልኛ ተሻገረች፣ ግመል ላይ ስትደርስ የግመል ዓይነቶችን በሶማልኛ ለየቻቸው። ባለሙያዋ ኦሮምኛ ትንሽ ትሰማለች፣ ሶማልኛ አትሰማም። እኔ እየተረጎምኩ ነው። አንዲት የድሬ ሴት በአንድ ዓረፍተ ነገር ሦስት ቋንቋ ብታስገባ ማንም እዚህ ዞር ብሎ አያያትም፣ አነጋገራችን ነው። አዲስ አበባ ላለ ጆሮ ግን ቃል የጠፋበት ሰው ሊመስል ይችላል። ሐረር ጀጎል ውስጥ ደግሞ ሐረሪ ይጨመራል። የምድር ባቡር ጡረተኛ ብታገኝ ቁጥር በፈረንሳይኛ የሚቆጥር አለ። ፈተናው በየትኛው ቋንቋ ይሁን ከማለት ይልቅ መልሱ በየትኛውም ቢመጣ የሚቆጥርለት ሰው አጠገቡ ይቀመጥ ማለት ይሻላል።

አንቱታም አለ። ባለሙያዋ በአክብሮት «እርስዎ» እያለች ጀመረች። ትክክል ናት፣ ያደገችበት እንደዚያ ነው። አክስቴ ግን ወገቧን ቀና አድርጋ፣ ሻሿን አስተካክላ፣ ፍርድ ቤት እንደቀረበ ሰው ሆነች። ድሬ አንቱ አትልም። አክስቴን እኔም፣ የልጅ ልጇም፣ ባለሱቁም «አንቺ» ነው የምንላት፣ ፍቅር ነው። መሀል ላይ ድምፄን ዝቅ አድርጌ «አንቺ በያት» አልኳት ለባለሙያዋ፣ ሳቀች፣ ሞከረችው። «እሺ፣ አሁን እነዚያን ቃላት ንገሪኝ።» አክስቴ ትከሻዋ ወረደ። ከአምስቱ ቃላት አራቱን አመጣች። አስቀድማ ሁለት ብቻ ነበር ያመጣችው። መረጋጋት ብቻ ነው ልዩነቱ ብዬ አልምልም። ግን አይቻለሁ።

አምስተኛውን ቃል ማን እንዳመጣው ልንገራችሁ። የስምንት ዓመቱ የልጅ ልጇ ከበሩ ኋላ ጮኾ ነገራት። ክፉ አስቦ አይደለም፣ አያቱ ስታፍር ማየት አልቻለም። የቤት ውስጥ ፈተና እንዲህ ነው። ቴሌቪዥን አለ፣ ጎረቤት «ሰላም አደራችሁ» ብላ ትገባለች፣ ቡና ይቀርባል። ባለሙያው በካሜራው ማዕዘን የማይታየውን ክፍል አያውቅም።

ለዚህ ነው ስለ አፕሊኬሽንና ስለ ታብሌት ከመነጋገር በፊት ስለ አንድ ሰው መነጋገር ያለብን። ሕመምተኛው አጠገብ የሚቀመጥ ረዳት። ሐኪም መሆን የለበትም። የከተማ ጤና ኤክስቴንሽን ባለሙያዎች አሉን፣ ቤት ለቤት ይዞራሉ፣ ሰፈሩንም ቋንቋውንም ያውቃሉ። ጤና ጣቢያ ላይ ነርስ አለች። ይህ ሰው በጥቂት ቀን ሥልጠና ምን ማድረግ እንዳለበት ይማራል። ክፍሉን ጸጥ ያደርጋል። ሰው ያስወጣል። ወረቀቱን ያቀርባል፣ የተሣለውን ፎቶ አንሥቶ ይልካል። መልስ አይጠቁምም። የግድግዳውን ሰዓት ያያል። በሶማልኛ የተጠራውን እንስሳ ይመዘግባል። ሰውየው ይሰማል ወይስ አይሰማም የሚለውንም አስቀድሞ ያረጋግጣል።

መስማት ላይ ልቆይ፣ ምክንያቱም የአክስቴ ጉዳይ እዚያ ነው የተያዘው። ስልክ ላይ ያለ ድምፅ ቀጭን ነው። ጆሮው የደከመ ሰው ቃሉን ካልሰማው ሊያስታውሰው አይችልም። ከውጭ ሲታይ ግን መርሳት ይመስላል። ላንሴት በተባለው የሕክምና መጽሔት የተቋቋመው ኮሚሽን በ2024 እ.ኤ.አ. ባወጣው ሪፖርት 14 ሊቀየሩ የሚችሉ ምክንያቶችን ዘርዝሯል። ሁሉም ቢስተካከሉ ከዓለም የመርሳት በሽታ 45 በመቶ ያህሉን መከላከል ወይም ማዘግየት ይቻላል ይላል። የመስማት ችግር ከነዚያ አንዱ ነው። ደም ግፊት፣ ስኳር፣ የጭንቅላት ጉዳት፣ ድባቴ፣ የዓይን ችግርም አሉበት። አብዛኞቹ እዚሁ ጤና ጣቢያ ላይ የሚታዩ ነገሮች ናቸው። «ርጅና ነው» ብለን የምንሸኛቸው ስንት ናቸው?

ሰዓቱንም የሚያውቀው የሰፈር ሰው ነው። ድሬ ላይ ከምሳ በኋላ ቀጠሮ አይያዝም። ሙቀቱ አለ፣ ከተማው ያርፋል። ቀጥሎ በርጫ ነው። ጫት የቃመ ሰው ምርቃና ላይ ሲፈተን ትኩረቱ ሌላ ነው፣ ሳይቅም የዋለ ቃሚም እንደዚሁ። ይህንን ማንም ሳያፍር ሊጠይቅና ሊመዘግብ ይገባል። ጠዋት፣ ፀሐይ ሳትበረታ፣ ሁልጊዜ በተመሳሳይ ሰዓት ቢሆን ይሻላል።

ስለ ምስጢር አጭር ነገር። የጤና መረጃን ጨምሮ የግል መረጃን የሚጠብቅ አዋጅ ቁጥር 1321/2016 አለን። ቪዲዮ ኮሉ በኢሞ ወይም በዋትሳፕ ሲሆን ማን አብሮ እየሰማ ነው፣ ማን እየቀዳ ነው የሚለው አስቀድሞ መነገር አለበት። ቅጂው ቴሌግራም ላይ ቢወጣ አንዲት እናት ስታፍር ትኖራለች። ፈተናውም ይበላሻል። ቃላቱን ሰው ከሸመደዳቸው ምን ይለካሉ? የአክስቴን አምስት ቃላት እዚህ ያልጻፍኩትም ለዚህ ነው።

ከምርመራ በኋላ ያለው እንክብካቤ ላይ ግን ስልኩ ይበልጥ ያስደስተኛል። እዚያ ነጥብ የለም፣ ውድድር የለም። ያ ባጃጅ ሹፌር የሚያስፈልገው በሳምንት አንድ ቀን 20 ደቂቃ የሚያወራው ሰው ነው። ደብተር መያዝ ይለማመዳል፣ ስልኩ ላይ ማስታወሻና ደወል ይሞላል፣ ሲናደድ ምን ማድረግ እንዳለበት ከሚስቱ ጋር ይነጋገራሉ። ለዚህ አዲስ አበባ መሄድ ለምን ያስፈልጋል? ለሚረሱ ሰዎች ደግሞ አንድ ቀላል ዘዴ አለ። አንድ መልስ ብቻ ትመርጣለህ። «መድኃኒትሽ የት ነው?» «ከቴሌቪዥኑ ሥር ያለው ሳጥን ውስጥ።» ወዲያው ትጠይቃታለህ። ከዚያ ከ30 ሰከንድ በኋላ። ከአንድ ደቂቃ በኋላ። ከሁለት፣ ከአራት። ከተሳሳተች መልሱን ነግረህ ወደ ቀድሞው ርቀት ትመለሳለህ። መሀሉ ላይ ስለ ልጅ፣ ስለ ገበያ ታወራለህ። ትኩር ብላ ሳትሸመድድ መልሱ ይገባታል። ይህ በስልክም ይሠራል። አያትህን ሐረር አስቀምጠህ ድሬ ሆነህ ልታደርገው ትችላለህ።

የቤተሰቡም ሸክም አለ። የሚረሳ ሰው የሚያስታምሙት ሴቶች ናቸው ብዙውን ጊዜ፣ ሌሊት የማይተኙ ሴቶች። የዓለም ጤና ድርጅት ለእንዲህ ያሉ አስታማሚዎች በኢንተርኔት የሚሰጥ ሥልጠና አዘጋጅቷል። እዚህ ቢመጣ የሚፈልገው ትርጉም ብቻ ሳይሆን ድምፅ ነው። በአማርኛ፣ በኦሮምኛ፣ በሶማልኛ የተቀዳ፣ ወጥ እየሠሩ የሚሰማ።

በርቀት የማይሆነውም ይታወቅ። ደም አይቀዳም። የቫይታሚን ቢ12 እጥረት፣ የእንቅርት ዕጢ ችግር፣ ቂጥኝ፣ ኤችአይቪ፣ እነዚህ መርሳት ያመጣሉ፣ ይታከማሉም፣ ግን በቪዲዮ አይታዩም። አረማመድ፣ የእጅ ጉልበት፣ የዓይን እንቅስቃሴ የሐኪም እጅ ይፈልጋል። ድንገት የጀመረ ግራ መጋባት ደግሞ የቪዲዮ ቀጠሮ አይጠብቅም፣ በቀጥታ ወደ ድንገተኛ ክፍል ነው። ስለዚህ የቪዲዮ ምርመራ ሆስፒታሉን ይተካል የሚል ሰው ካለ አትስሙት።

ለዚህ ጉዳይ በጀት የሚይዝ ሰው ቢጠይቀኝ መጀመሪያ ታብሌት ግዛ አልለውም። ድሬዳዋና ሐረር ላይ ደህና የሆኑ አዛውንቶችን፣ ገንደ ቆሬም ከዚራም ያሉትን፣ በየቋንቋቸው ይፈትንና ነጥባቸውን ይያዝ። ድሬዳዋ ዩኒቨርሲቲ አለ፣ ሐረማያ ዩኒቨርሲቲ አለ፣ ይህ የመመረቂያ ጽሑፍ ሥራ ነው። ቀጥሎ በየጤና ጣቢያው ሁለት ሁለት ረዳት ያሰልጥን። ፈተናው ላይ እንዳለው ከመቶ ሰባት ሰባት እያሉ ከማስቀነስ ይልቅ የብር ዝርዝር ይጠይቁ። አክስቴ ቀፊራ ገበያ ላይ ዕድሜ ልኳን ቅመም ሸጣለች፣ «መቶ ሲቀነስ ሰባት» ስትባል ፈዘዘች። «መቶ ብር ሰጠሁሽ፣ የሰባት ብር ገዛሁ» ስትባል ግን ሳትጨርስላት መለሰችላት፣ ቀጥላ «ሰባት ብር ምን ይገዛል ዛሬ?» አለቻት። ስልኩ ከዚህ ሁሉ በኋላ ይምጣ። በሁሉም ኪስ ውስጥ አለ።

የአክስቴን ውጤት ባለሙያዋ በቃል ብቻ ነው የነገረችን፣ በጥንቃቄ። የመርሳት በሽታ አለባት አላለችም፣ የለባትም አላለችም። መጀመሪያ ጆሮዋ ይታይ፣ ግፊቷ ይለካ፣ ደሟ ይመርመር፣ ከስድስት ወር በኋላ እንደገና እንያት አለች። ጆሮዋ በሁለቱም በኩል ተደፍኖ ነበር። ታጠበ። ግፊቷ ከፍ ብሎ ተገኘ፣ መድኃኒት ጀመረች። አሁንም ድስት ታሳርራለች። ከቀፊራ ስትመለስ ግን መንገድ አልጠፋትም።

ቀጠሮዋ ነሐሴ ላይ ነው። ጤና ጣቢያ የምትሠራው ነርስ መጥታ አጠገቧ ልትቀመጥ ተስማምታለች፣ ሶማልኛም ትችላለች። የልጅ ልጁ አጎቱ ጋ ይውላል። ጠዋት 3 ሰዓት ነው ያልነው፣ የግድግዳው ሰዓት 9 ላይ ሲሆን።